የዲባር ጨረቃዎች የሚገናኙበት ቀን

ሐረር፣ ጊደር መጋላ ገበያ ውስጥ አብሽ የሚሸጥ ሞልቷል፤ ጠጠሩ ተለቅሞ የወጣለት አብሽ የምትሸጠው ግን አንዲት ዘቢባ ብቻ ነበረች። ይህን የሚክድ ካለ ከሌሎቹ ይግዛና ጥርሱን ይስበር። ታዲያ ያን ሁሉ አብሽ ብቻዋን የምትለቅመው እንዳይመስላችሁ። ሐሙስ ሐሙስ ከዙሁር ሶላት በኋላ፣ ፈላና በር ግድም ካለው ግቢዋ የሰፈር ሴቶች ሰፌዳቸውን ይዘው ይመጣሉ፣ ከግድግዳው ጥላ ሥር ይደረደራሉ፣ ይለቅማሉ። ስንት ትከፍላቸዋለች? ቤሳ አትከፍልም። የምትከፍላቸው ተረት ነው።

ሕጓ አንድ ነው፤ እጅ ከቆመ ምላስ ይቆማል። አንዷ ተረቱ ወስዷት ጣቷን ስትረሳ ካየች፣ «አሚና፣ እኔ የጠራሁት እጅሽን ነው ጆሮሽን?» ትላለች። ሌሎቹ ይስቃሉ፤ አሚናም አፍራ ወደ ሰፌዷ ታቀረቅራለች። አብሹ ሲያልቅ ደግሞ ተረቱ የትም ይድረስ የት እዚያው ይቆማል። አንድ ጊዜ ሙሽራውን ከግመል ልታወርደው ስትል አብሹ አለቀና፣ ሰውዬው አንድ እግሩን አንጠልጥሎ ስምንት ቀን ሙሉ ከረመ።

ተረቷ ሁሉ ስለ አንድ አገር ነው፤ ዲባር ይባላል። ካርታ ላይ አትፈልጉት፣ ዘቢባ ናት ከራሷ ያፈለቀችው። ዲባር እንደ ሐረር አምስት በር ያለው የግንብ ከተማ ነው፤ ገበያ አለው፣ ሐሜት አለው፣ ቀማኛም አለው። ሰማዩ ግን ሌላ ነው። ሁለት ጨረቃዎች አሉት፣ እናትና ልጅ። እናቲቱ እንደ እርድ ቢጫ ናት፣ ከምሥራቅ ትወጣለች፤ ልጅቱ ነጭ ናት፣ ከምዕራብ ትወጣለች። አንዷ ስትወጣ ሌላዋ ትጠልቃለች። ተጣልተው ነው የሚሉ አሉ፤ ዘቢባ ግን፣ «እናትና ልጅን ምን ያጣላቸዋል? መንገድ ነው የለያቸው» ትላለች። በአርባ ዓመት አንዴ፣ በጠራራ ቀትር፣ ሰማዩ መሀል ላይ ይገናኛሉ። ያን ቀን ፀሐይ በሁለቱ መሀል ለመቆም ይሉኝታ ይይዛትና ፊቷን ትሸፍናለች። የዲባር ሰው አምስቱንም በር ወለል አድርጎ ከፍቶ፣ መንገዱን ጠርጎ፣ ውሃ ረጭቶ ይጠብቃል።

ምን እንደሚጠብቅ ግን ዘቢባ ለማንም ተናግራ አታውቅም።

«ኧረ ዘቢባ፣ መቼ ነው የሚገናኙት?»

«ይደርሳል።»

«ስንት ዓመት ሙሉ ይደርሳል!»

«አርባ ዓመት ነው ያልኩሽ። አንቺ ምን አስቸኮለሽ፣ ከእናቲቱ ጋር ቀጠሮ አለሽ?»

ነገሩ የቀበሌው ሊቀመንበር ጆሮ ደርሶም ያውቃል። አስጠራትና ወረቀትና ብዕር ይዞ ተቀመጠ። «ጓዲት ዘቢባ፣ እነዚህ ሁለት ጨረቃዎች የሚባሉት እነማን ናቸው?» «ጨረቃዎች ናቸው፣ ጓድ ሊቀመንበር።» «ፊቷን የምትሸፍነዋ ፀሐይስ? ማንን ነው የምትወክለው?» «ፀሐይን።» ሰውዬው ብዕሩን አስቀመጠ። «በዚህ በዲባር የገበሬዎች ማኅበር አለ?» «እስካሁን የለም። እርስዎ ካዘዙ ግን በሚመጣው ሐሙስ አቋቁማለሁ።» አቋቋመችም፤ የማኅበሩ ሊቀመንበር ጅብ ሆነ። ሴቶቹ እንባቸው እስኪፈስ ሳቁ፣ ከግቢው ከወጡ በኋላ ግን አንዷም ትንፍሽ አላለች።

ተረቱ የተጀመረው ለእነዚህ ሴቶች አልነበረም። ለልጇ ለሙና ነበር። ባሏ ዩሱፍ ሲሞት ሙና አራት ዓመቷ ነበር፤ አባቴ የት ሄደ እያለች አላስተኛ አላስቀምጥ ስትላት ነው ዘቢባ ዲባርን የፈጠረችላት። ልጅቱ ጥያቄዋ አያልቅም ነበር። የጨረቃዎቹን መገናኘትማ በየቀኑ ትጠይቃለች፤ እናቷም «አድጊና እነግርሻለሁ» እያለች ታቆየዋለች። በልቧ ግን ይዛዋለች። ያን ቀን ከአገር የወጣ ሁሉ፣ የጠፋ ሁሉ፣ በአምስቱ በሮች ይገባል። አንድም ሰው አይቀርም። ይህን ፍጻሜ ለሙና ሠርግ ነበር ያስቀመጠችላት፤ ሌላ እናት ጥጥ አባዝታ ጋቢ እንደምታስቀምጠው ማለት ነው።

ምን ያደርጋል። ሰባ ዓመተ ምሕረት መጣ። ጦርነቱ ሐረር ደጃፍ ደረሰ፤ ከተማው ውስጥ ደግሞ ወጣት መሆን ብቻውን ወንጀል ሆነ። ሙና አሥራ ሰባት ዓመቷ ነበር። አንድ ከሰዓት፣ ሽንኩርታቸውን ሸጠው ወደ ቀዬአቸው ከሚመለሱ የገጠር ሴቶች ጋር፣ ቀሚሳቸውን ለብሳ፣ ባዶ ቅርጫት ተሸክማ በኤረር በር ወጣች። ዘቢባ አልሸኘቻትም፤ የበሩ ጠባቂዎች እንዳይነቁ ማዶ ቆማ ቲማቲም የምትመርጥ መስላ ነው ያየቻት። ሙና ዞር ብላ አላየችም። እንዳትዞር የመከረቻት ራሷ እናቷ ናት። «ምነው ያን ምክር ሳልናገር አፌ በተለጎመ!» እያለች ስትቆጭ ኖረች። ጀርባዋን ብቻ ነው ያየችው።

ከሦስት ዓመት በኋላ አንድ ነጋዴ ሀርጌሳ ውስጥ የምትመስላትን ልጅ አየሁ አለ። የምትመስላትን። ዘቢባ በዚያች አንዲት ቃል ስንት ዓመት ከረመች። በኋላ ሀርጌሳም ጦርነት ገባባት፤ ነጋዴውም መንገዱን ተወ።

በሐረር ልማድ፣ ከቤቱ በር በላይ የተጠቀለለ ምንጣፍ ከተሰቀለ፣ እዚህ ቤት ለአቅመ ሔዋን የደረሰች ያልተዳረች ልጅ አለች ማለት ነው። ስትዳር ይወርዳል። የዘቢባ ምንጣፍ ሙናም ሄዳ አልወረደም። በሰባ ስምንት ዓመተ ምሕረት እንግዲህ ከሌላ ሰፈር የመጡ፣ ነገሩን የማያውቁ ሦስት ሽማግሌዎች ምንጣፉን አይተው ለወንድማቸው ልጅ ሚስት ሊጠይቁ ገቡ። ዘቢባ አስወጥታ ትመልሳቸዋለች ስትሉ፣ በክብር አስቀመጠቻቸው። ስለ ልጁ ሥራ ጠየቀች፣ ስለ አመሉ ጠየቀች፣ ጫት ይበዛበት እንደሆነም ጠየቀች። በመጨረሻ ትልቁ ሽማግሌ፣ «ልጅቷስ ምን የምትል ይመስልዎታል?» አሏት።

«እኔም የምጠይቀው እሱን ነው» አለች። «ስምንት ዓመት ሙሉ ምንም አላለችኝም።»

የቀረውን ስትነግራቸው ሽማግሌዎቹ «አስተግፊሩላህ» እያሉ ጫማቸውን በእጃቸው ይዘው ነው የወጡት። ዘቢባ ከኋላቸው ሳቀች። ሳቁ መሀል መንገድ ላይ ለቅሶ ሆነባት፤ እስከ ማታ፣ እስከ መግሪብ ሶላት አልቆመም።

ከሚለቅሙት ሴቶች ሁሉ ከግንቡ ውጪ የምትመጣው በለጡ ብቻ ነበረች። አያቶቿ ከሸዋ መጥተው እዚያው ሐረር የቀሩ ክርስቲያኖች ናቸው። ከዘቢባ ጋር የተዋወቁት በጠብ ነው። በለጡ ከገዛችው አብሽ ውስጥ አንዲት ጠጠር ብታገኝ፣ በመሀረብ ጠቅልላ ገበያው ድረስ ይዛት መጣች። «ይቺን መዝኚና በምትኳ አብሽ ስጪኝ» አለች። ዘቢባም ሰደበቻት፣ እሷም መለሰች፤ ገበያተኛው ከቦ ሲስቅ ሁለቱም ሳቁ። ለቀማው እንዲያ የጠበቀው ከዚያን ቀን ወዲህ ነው፤ በለጡም ጠጠር ፈላጊ ሆና በዚያው ቀረች።

ሙና የሄደች ሰሞን ሰው ሁሉ ሊያጽናና መጣ። «በሚመጣው ወር ትመጣለች ኢንሻአላህ» ይላል አንዱ፤ «በሕልሜ አይቻታለሁ፣ ነጭ ለብሳለች» ትላለች አንዷ። በለጡ ገብታ አጠገቧ ተቀመጠች።

«በለጡ፣ አንቺም ትመጣለች በይኝ እንጂ» አለቻት ዘቢባ።

«አላውቅም» አለች በለጡ። «የማላውቀውን አልነግርሽም። አብሬሽ ግን እጠብቃለሁ።»

ዘቢባ ተቀየመቻት፤ ሁለት ሳምንት ሰላም አላለቻትም። ውሎ አድሮ ግን ያ ሁሉ ሕልምና ኢንሻአላህ ከልቧ ተኖ ሲጠፋ፣ የቀረላት የበለጡ ቃል ብቻ ነበር። በለጡም ቃሏን ጠበቀች። አሥራ አንድ ዓመት አብራት ጠበቀች።

የበለጡ አንድ ልጇ ታደሰ በሰባ ዘጠኝ ብሔራዊ ውትድርና ተወስዶ ሰሜን ዘምቶ ነበር። ጥርሰ ፍንጭት፣ ረጅም፣ ሲዘፍን ድምፁ የማያምር፣ ግን ሁልጊዜ የሚዘፍን ልጅ ነው። ደብዳቤ ሲጽፍ መጨረሻው ላይ፣ «እትዬ ዘቢባን ሰላም በሉልኝ፤ ጨረቃዎቹን እኔ ሳልመጣ እንዳያገናኙብኝ አደራ» ይል ነበር። ዘቢባም «ይኸው፣ ሁለተኛ ጠባቂ መጣባቸው» ትላለች። ከዚያ ደብዳቤው ቀረ።

በሰማንያ አንድ ጥር ላይ በለጡ በልብ ሕመም ወደቀች። ሐኪሙ ክፉ ነገር አታሰሟት አለ። በዚያው ሳምንት አንድ እግሩን ያጣ ወታደር ከሰሜን ተመልሶ ባሏን ጋሽ ወልደ ጊዮርጊስን ፈልጎ አገኛቸው። ከታደሰ ጋር አንድ ምሽግ ውስጥ ነበሩ፤ የቀበረውም እሱ ነው።

የሰፈሩ ሽማግሌዎች ተሰበሰቡና መርዶው እስኪሻላት ይቆይ ብለው ወሰኑ። ሰው ሁሉ አወቀ፤ ያላወቀችው እናቲቱ ብቻ ናት። ሊጠይቋት የሚመጡት ሴቶች ለሐዘኑ ነጠላቸውን ዘቅዝቀው ይመጡና፣ ደጃፏ ሲደርሱ መልሰው ያስተካክሉታል። ገብተው ስለ ዝናብ ያወራሉ። ዘቢባም አንድ ቀን እንደዚያው ስለ ዝናብ አወራች፤ ስትወጣ ግን ራሷን ተጸየፈች።

በአሥራ ስድስተኛው ቀን ጋሽ ወልደ ጊዮርጊስ ራሳቸው ከግቢዋ መጡ። ተቀመጡ ብትላቸው እምቢ አሉ።

«እህቴ ዘቢባ፣ በለጡ ልካኝ ነው። የጨረቃዎቹን ቀን ሳልሰማ እንዳልሞት፣ መጥታ ትንገረኝ ብላለች።»

«ጋሼ፣ እሱን ተዉኝ። እሱን ለሙና ነው ያቆየሁት።»

«አውቃለሁ። እኔም ሌላ ልለምንሽ ነው።» ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። «ታደሰን አስገቢላት። በሮቹ የሚከፈቱት ለሚመጣ ሰው አይደል? በአንዱ በር አስገቢና አሳዪያት። ደስ ብሏት ትሂድ። ተረት አይደል? በተረት ማን ይጠየቃል?»

«ጋሼ፣ እሷ እኮ እኔን ዋሽታኝ አታውቅም።»

«እኔ ግን ፊቷን እያየሁ አሥራ ስድስት ቀን ዋሸኋት» አሉ። «ደከመኝ፣ እህቴ።» እንዲህ ያለ ትልቅ ሰው ደጃፏ ቆሞ ሲያለቅስ ማየት ስላልቻለች፣ «እሺ፣ እመጣለሁ» አለች።

ሰፌድና ትንሽ አብሽ ይዛ በፈላና በር ወጣች። መንገዱ አጭር ነው፤ ያን ቀን ግን ሦስት ጊዜ ቆማለች። የምታውቀውን ፍጻሜ ከነገረቻት፣ የበለጡ ልጅ በሕይወት ይመጣል ማለት ነው፤ ውሸት ነው። ካልነገረቻት፣ ጓደኛዋ አንዲት ነገር ለምና ተከልክላ ትሞታለች። እውነቱን ብትነግራትስ? ልቧ ቀጥ ቢል ማን ይጠየቃል? «ያ ረቢ፣ ምን ውስጥ ገባሁ» እያለች ደረሰች።

በለጡ በትራስ ተደግፋ ጠበቀቻት። ከስታ ዓይን ብቻ ሆናለች።

«እጄ እኮ አይለቅምልሽም» አለች።

«የእኔ ይለቅማል። አንቺ ዛሬ ጆሮሽን ብቻ አምጪ።»

ዘቢባ ሰፌዱን ጭኗ ላይ አድርጋ ጀመረች። የእናቲቱ ጨረቃ ከምሥራቅ ተነሣች፤ እግሯ ከብዷል፣ ግን ትሄዳለች። ልጅቱ ከምዕራብ ተነሣች። የዲባር ሰው ምግቡን ምድጃ ላይ ትቶ ወደ ውጪ ወጣ፣ ቃዲው መዝገቡን ዘጋ፣ የተጣላ ታረቀ። ቀትር ሲሆን ፀሐይ ፊቷን ሸፈነች፤ ቢጫውና ነጩ ብርሃን በግንቡ ላይ ተደባለቀ፣ የሰው ጥላ ሁለት ሁለት ሆነ። እናቲቱና ልጅቱ ተያዩ። መጀመሪያ የተናገረችው እናት ናት፤ «ቀጭነሻል» አለቻት።

በለጡ ሳቀች፤ ሳቋ ሳል ሆነባት። ሳሉ ሲተዋት፣ «በሮቹስ?» አለች። «ሰው ይገባል አይደል? አውቄው ነበር። ታደሰ በየትኛው በር ነው የሚገባው?»

የዘቢባ ጣት አብሹ ላይ ቆመ።

የበለጡን ዓይን አየች። ተስፋ ሞልቶበታል። አንዲት ዓረፍተ ነገር ብቻ ነበር የሚያስፈልገው፤ ጋሽ ወልደ ጊዮርጊስም ከመጋረጃው ጀርባ ሆነው ያን ነበር የሚጠብቁት። «የማላውቀውን አልነግርሽም» ያለቻት ይህች ሴት ናት። አሁን ለእሷ የምታውቀውን ትደብቃት?

«በለጡ» አለች። «የሚገቡት እነማን እንደሆኑ አልነገርኩሽም። በእግሩ መምጣት የሚችል ሰውማ ጨረቃ አይጠብቅም። መኪና ይሳፈራል፣ ግመል ይከተላል፤ ማክሰኞም ይመጣል፣ ዓርብም ይመጣል። ያን ቀን በአምስቱ በሮች የሚገቡት በእግራቸው መምጣት የማይችሉት ብቻ ናቸው።»

ለሙና ያስቀመጠችው ቀን ያቺን ስትናገር ፈረሰ። አንድም ሰው አይቀርም ያለችበት፣ ልጇ በኤረር በር ፊቷን ወደ እሷ አዙራ የምትገባበት ቀን፣ በገዛ አፏ ፈረሰ። ዘቢባ ሲፈርስ ተሰማት፤ ግን ቀጠለች።

«ታደሰ በፈላና በር ይገባል። ጥርሱ ያው ፍንጭት ነው። እየዘፈነ ነው የሚመጣው፣ ድምፁም ያው ነው፣ አላማረም። ከሰው ሁሉ አንቺን ይፈልጋል። እማዬ፣ ምነው ከሳሽ ይልሻል። ብርሃኑ እስኪለያይ አጠገብሽ ይቀመጣል።»

በለጡ ጣሪያውን ታያለች።

«መቼ ነው?» አለች።

«ኅዳር ላይ።»

«ማን ቀበረው?»

«ጓደኛው። አፈር ያለበሰው እሱ ነው፤ ሜዳ ላይ አልቀረም።»

ጋሽ ወልደ ጊዮርጊስ መጋረጃውን ገልጠው ገቡና አልጋው ሥር ተንበረከኩ። በለጡ ራሳቸው ላይ እጇን አደረገች፤ «ብቻህን ያዝከው አይደል፣ የኔ ምስኪን» አለችና ያን ጊዜ «ልጄን!» ብላ ጮኸች። ጩኸቱን የሰሙ ጎረቤቶች እየሮጡ መጡ። ነጠላቸው እንደተዘቀዘቀ ነበር የገቡት። ቤቱ በለቅሶ ተሞላ፤ የልቧን ነገር ፈርተው ደረቷን እንዳትመታ እጇን ያዙላት፤ ልቧም ቻለ። ዘቢባ ጥግ ላይ ተቀምጣ፣ ምን አደረግሁ፣ ምን አደረግሁ ትላለች።

ለቅሶው ሲበርድ በለጡ በዓይኗ ፈለገቻት፤ በእጇ ጠራቻት። ዘቢባ መጥታ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀመጠች። የምትረግመኝ ከሆነ ትርገመኝ ብላ ነበር የቀረበችው።

«ዘቢባ» አለች በለጡ፤ ድምፅዋ አልቋል። «ያን ቀን... በሮቹን ስታዪ... ሙናስ ገባች?»

ዘቢባ ይህን አላሰበችውም ነበር። አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ ልጇን በዚያ በር ስታስገባ ኖራ፣ ዛሬ ግን መልስ ለመስጠት ፈራች። ዓይኗን ጨፈነችና ዲባር ገባች። በየበሩ ቆመች። ከሚገቡት ሙታን መሀል ባሏን ዩሱፍን አየች፣ እናቷን አየች፤ አንድ በአንድ ሁሉንም ፊት አየች።

«ልዋሽሽ አልችልም» አለች። «አምስቱንም በር አየሁ። አላየኋትም።»

«ደህና አድርገሽ አይተሻል?»

«ደህና አድርጌ።»

«ተመስገን» አለች ልጇ የሞተባት በለጡ፤ የዘቢባንም እጅ ጨበጥ አደረገች። «እልል በይ እንጂ፣ አንቺ ሴት።»

ዘቢባ እልል ልትል አፏን ከፈተች፤ አልወጣላትም። በለጡ ደረት ላይ ራሷን ጣለችና አለቀሰች፤ በለጡም ራሷን እየዳበሰች፣ «አይዞሽ፣ አልመጣችም፣ አልመጣችም» ትላት ነበር።